የሽማግሌው ድርሰት፣ የሌላው ስም፦ እርጅናና የጥበብ ባለቤትነት በኮሪያ ሲኒማ

የተሸላሚው ስም ሲጠራ አዳራሹ በጭብጨባ ይናጋል። በደራሲ ዪ ሳንግ ስም የተሰየመው ሽልማት በኮሪያ ሥነ ጽሑፍ ከትልልቆቹ አንዱ ነው፤ የዛሬው ተሸላሚ ደግሞ ገና ወጣት። እንደ ደንቡ መምህሩ፣ የሰባ ዓመቱ አንጋፋ ገጣሚ ሊ ጆክ-ዮ፣ የእንኳን ደስ አለህ ንግግር ያደርጋል። ከታዳሚው ማንም የማያውቀውን ነገር የሚያውቁት እነዚህ ሁለቱ ናቸው፦ የተሸለመውን ድርሰት የጻፈው ሽማግሌው ነው። ጽፎ ሣጥን ውስጥ ደብቆት ነበር፤ ደቀ መዝሙሩ ሶ ጂ-ዉ አገኘው፣ በራሱም ስም መጽሔት ላይ አወጣው። ሽማግሌው መድረክ ላይ ወጥቶ ሌባውን አያጋልጥም። የሚናገረው ስለ እርጅና ነው። እርጅና በጥፋት የመጣ ቅጣት አለመሆኑን ለወጣቶቹ ነግሮ ይወርዳል።

ትዕይንቱ ዳይሬክተር ጆንግ ጂ-ዉ ከፓርክ ቦም-ሺን ልቦለድ ተነሥቶ በ2012 (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) ከሠራው «ኡንግዮ» ከተባለው ፊልም የተወሰደ ነው። ሽማግሌው የተሰረቀው ድርሰቱን ነው፤ አቤት የሚለው ግን ስለ ዕድሜው ነው። ሁለቱ ክሶች እንዲህ ተጣብቀው የሚታዩት እዚህ ፊልም ላይ ብቻ አይደለም። ላለፉት ሠላሳ ዓመታት የኮሪያ ሲኒማ ስላረጁ የጥበብ ሰዎች ባወራ ቁጥር «ይህ ሥራ የማን ነው?» ወደሚለው ጥያቄ ይመለሳል። በ2024 መገባደጃ ላይ 65 ዓመትና ከዚያ በላይ የሆናቸው ሰዎች ከአገሪቱ ሕዝብ 20 በመቶ ደርሰዋል፤ ስለ እርጅና የሚያወራ ፊልም መብዛቱ እንግዲህ አያስገርምም። የሚያስገርመው ሌላ ነው። ፊልሞቹ ጎን ለጎን ሲታዩ፣ ወንዱ ሽማግሌ «የኔ ነው» ባለ ቁጥር ዋጋውን ሌላ ሰው ይከፍላል፤ ከፋዩም አብዛኛውን ጊዜ ሴት ወይም ወጣት ነው። አሮጊቷ ግን ደራሲ የምትሆነው ሥራውን በሌላ ሰው ድምፅ ትታ ስትሄድ ነው።

«ኡንግዮ»ን ከተራ የስርቆት ታሪክ የሚለየው የመጀመሪያው ዝውውር ስርቆት አለመሆኑ ነው። ጂ-ዉ ቀድሞ ዝናን ያገኘው «ልብ» በተባለ፣ በገበያ በተቸበቸበ ልቦለድ ነበር፤ እሱንም የጻፈው መምህሩ ነው። ያን ጊዜ ግን ሽማግሌው በፈቃዱ ሰጠ። የአገር ገጣሚ የተባለ ሰው በእንዲህ ያለ የገበያ ልቦለድ ላይ ስሙን ማስፈር አልፈለገም፤ ምግቡን የሚያበስልለትና ቤቱን የሚጠብቅለት ታማኝ ተማሪ ደግሞ ስም ያስፈልገው ነበር። ስለዚህ ጂ-ዉ ሁለተኛውን ድርሰት ሲወስድ አዲስ ወንጀል የፈጸመ አይመስለውም፤ የለመደውን ነው ያደረገው። መምህሩ ሲያፋጥጠው የሚሰጠው መልስም ዝም ብሎ የሚታለፍ አይደለም። በአጭሩ፣ ስለ አንዲት ወጣት የሚያወራ ይህን ድርሰት የሰባ ዓመት ሽማግሌ በስሙ ቢያወጣው ቅሌት ይባላል፣ እኔ ሳወጣው ግን ሥነ ጽሑፍ ይሆናል ነው የሚለው። ክርክሩ ጨካኝ ነው፤ ሆኖም ፊልሙ ሐሰት ነው ብሎ ሊያስተባብለው አይሞክርም። ዓለሙ ለአንድ ዓይነት ስሜት ሁለት ሚዛን እንዳለው ጂ-ዉ ጠንቅቆ ያውቃል፤ በዚያ ሚዛን ነው የነገደው።

ከሁለቱ ወንዶች ሌላ ሦስተኛ ባለጉዳይ አለች። ድርሰቱ በስሟ የተሰየመው ኡንግዮ፣ የአሥራ ሰባት ዓመት ተማሪ ናት፤ የሽማግሌውን ቤት ለማጽዳት እየመጣች ነው የተዋወቁት። እናቷ የሰጠቻት ትንሽ መስተዋት ተራራ ላይ ሲወጡ ገደል ውስጥ ይወድቅባታል፤ ጂ-ዉ ሌላ ይገዛልሻል ባይ ነው፤ ሽማግሌው ግን አደጋውን ችሎ ወርዶ ያመጣላታል። ይህን የመሰለ ከሕይወቷ የተቆረሰ ነገር ሁሉ ድርሰት ይሆናል። ይሁንታዋን የጠየቀ የለም፤ ለአንዱ ናፍቆት፣ ለሌላው ሽልማት ሆነች። ሽማግሌው በቅናትና በቁጣ የጂ-ዉን መኪና ይነካካል፤ ጂ-ዉ መንገድ ላይ ይሞታል። ከአንድ ዓመት በኋላ ኡንግዮ ጨለማ በወረሰው ቤት ውስጥ ወደ ግድግዳው ዞሮ ከተኛው ሰው ዘንድ መጥታ ድርሰቱን የጻፉት እርስዎ መሆንዎን አውቄያለሁ ትለዋለች። ያወቀችው በምርመራ ወይም በኑዛዜ አይደለም፤ አንብባ ነው። ድርሰቱ ውስጥ ያለውን ሰው ጂ-ዉ እንዳላየው፣ ያየው ማን እንደሆነ፣ እሷ ራሷ ማስረጃ ናት። በፊልሙ ውስጥ ስለ ባለቤትነት ፍርድ የሚሰጠው ብቸኛ ሰው ከሦስቱ አንድም መስመር ያልጻፈችው ልጅ መሆኗ ከሁሉም የፊልሙ ሐሳቦች የተሻለው ነው። ጆንግ ጂ-ዉ በዚህ ላይ ጥቂት ቢቆይ ፊልሙ ይከብር ነበር፤ የካሜራው ልብ ግን ከሽማግሌው ጋር ነው፣ ልጅቷንም በአብዛኛው የሚያያት በእሱ ዓይን ነው።

ደግሞ ሌላ ጣጣ አለ። የሰባ ዓመቱን ገጣሚ የተጫወተው ፓርክ ሄ-ኢል ያን ጊዜ ሠላሳ አምስት ዓመቱ ነበር። ሰዓታት የሚፈጅ ልዩ ሜካፕ ቆዳውን አሸብሽቦ፣ ጸጉሩን አሳስቶ ሽማግሌ አደረገው። ዳይሬክተሩ ሰበብ አለው፤ ሽማግሌው ራሱን ወጣት ሆኖ የሚያልምባቸው ትዕይንቶች ስላሉ አንድ ፊት ለሁለቱም ዕድሜ ያስፈልግ ነበር። ሰበቡ ግን ቅሬታውን አያጠፋውም። አሮጌ ሰው ከወጣት ሥራውን ተነጠቀ ብሎ የሚያለቅስ ፊልም፣ ለአሮጌ ተዋናይ የሚገባውን ሚና አንሥቶ ለወጣት ሰጠ። የፓርክ ሄ-ኢል ብቃት ባይካድም፣ ድምፁና የእጁ እንቅስቃሴ ከሜካፑ ስር በየጊዜው ብቅ እያሉ የእርጅናው ባለቤት አለመሆኑን ያጋልጣሉ።

አባት ለልጅ ጥበብ ሰጥቶ መልሶ የራሱ ያደረገበትን ታሪክ ለማየት ወደ 1993 መመለስ ግድ ነው። የኢም ክዎን-ቴክ «ሶፕዮንጄ» ሴኡል ውስጥ ከአንድ ሚሊዮን በላይ ተመልካች ያገኘ የመጀመሪያው የኮሪያ ፊልም ሆነ። ታሪኩ ስለ ፓንሶሪ ነው፤ አንድ ዘፋኝና አንድ ከበሮ መቺ ለሰዓታት የሚያወርዱት የትረካ ዜማ። ዘዋሪው ዘፋኝ ዩ-ቦንግ ሁለት ልጆችን ያሳድጋል፤ ሶንግ-ህዋን ለዜማ፣ ዶንግ-ሆን ለከበሮ። ጊዜው ተለውጧል፤ የምዕራቡ ሙዚቃ ባንድ በየገበያው ሲያልፍ የነሱን ድምፅ ይውጠዋል። ዶንግ-ሆ ድህነቱንና ዱላውን መቋቋም አቅቶት ይጠፋል። ዩ-ቦንግ ልጅቷም እንዳትሄድበት፣ ደግሞም ሐዘን ድምፅዋን እንዲያበስለው በማለት መድኃኒት አጠጥቶ ዓይኗን ያጠፋል።

ኢም የመረጠው ዜማ ነገሩን ሁሉ ይገለብጠዋል። ዓመታት አልፈው ዶንግ-ሆ እህቱን አንድ መንደር ውስጥ ሲያገኛት ማንነቱን አይናገርም፤ ከበሮውን አንሥቶ ይመታል፣ እሷ የሺም-ቾንግን ታሪክ እስኪነጋ ትዘፍናለች። ሺም-ቾንግ የዓይነ ስውር አባቷን ብርሃን ለመመለስ ራሷን ለባሕር መሥዋዕት ያደረገች ልጅ ናት። በፊልሙ ግን አባት ነው የልጁን ዓይን የወሰደው። አንድም ቃል ሳይለዋወጡ ሁለቱም ይተዋወቃሉ፤ ሲነጋም ስማቸውን ሳይጠሩ ይለያያሉ። በዚያች ሌሊት የሚሰማው ድምፅ የማን ነው? ዩ-ቦንግ ቢጠየቅ «እኔ የሠራሁት» ይል ነበር። ብዙ የኮሪያ ተመልካች በ1993 ፊልሙን ያየው እንደ ጠፋ ባህል እንጉርጉሮ ነው፤ በሌላ ዓይን ሲታይ ግን አንድ አሮጌ አርቲስት ጥበቡ ከእሱ ጋር እንዳይሞት ሲል የሌላ ሰው አካል ላይ የፈጸመውን ወረራ የሚያሳይ ፊልም ነው። ኢም ሁለቱንም ንባብ ፈቅዷል፤ የትኛው ትክክል እንደሆነ አለመናገሩ ለአንዳንዶች ጥልቀት፣ ለሌሎች ደግሞ ሽሽት ሊመስል ይችላል። ዩ-ቦንግን የተጫወተው ኪም ምዮንግ-ጎን የፊልሙን ጽሑፍም የጻፈው ራሱ መሆኑ፣ አባትየው ለምን እንዲህ አንደበተ ርቱዕ እንደሆነ በከፊል ያስረዳል።

ኢም ክዎን-ቴክ ከራሱ ሥራ ጋር ያለው ግንኙነት ከፊልሞቹ ያላነሰ ያነጋግራል። በ1962 የመጀመሪያውን ፊልም ሠርቶ በ2014 «ህዋጃንግ»ን ሲያወጣ ቁጥሩ 102 ደርሶ ነበር። ከእነዚህ ውስጥ በመጀመሪያዎቹ አሥር ዓመታት በጥድፊያ የተሠሩትን ሃምሳ ያህል ፊልሞች እንዲረሱለት እንደሚፈልግ ደጋግሞ ተናግሯል። በዚያ ዘመን አንድ ኩባንያ የውጭ ፊልም ለማስገባት ፈቃድ የሚያገኘው የአገር ውስጥ ፊልም በቁጥር ሲያሟላ ነበርና፣ ብዙ ፊልም የሚሠራው ኮታ ለመሙላት ነው። ሽማግሌው ዳይሬክተር የወጣትነቱን ሥራ «የኔ አይደለም» ሲል ከጂ-ዉ ተቃራኒ ሆኖ ቆሟል፤ አንዱ ያልጻፈውን ይፈርማል፣ ሌላው የፈረመውን ይክዳል። የፊልም ታሪክ አጥኚዎች ግን በኮታ ፊልሞቹ ውስጥ የኋለኛው ኢም ፍንጮችን መፈለጋቸውን አልተዉም። ያረጀ አርቲስት በራሱ ያለፈ ሥራ ላይ የመጨረሻው ቃል የለውም፤ መዝገብ ቤቱ ከእሱ በላይ ዕድሜ አለው።

በ2002 በካን የምርጥ ዳይሬክተርነትን ሽልማት ያስገኘለት «ቺህዋሶን» ስለ አሥራ ዘጠነኛው ክፍለ ዘመን ሠዓሊ ጃንግ ሱንግ-ኦፕ ነው፤ ከዝቅተኛ ወገን ተወልዶ ንጉሥ ሥራልኝ ሲለው የሚያመልጥ ሰው። አሟሟቱን ታሪክ በውል አይናገርም፤ ፊልሙ ግን ወደ ሸክላ ምድጃ እሳት ሲገባ ያሳየዋል። ፊልሙ ውብ ነው፤ ስለ ባለቤትነት የሚለው ግን ከ«ሶፕዮንጄ» ያነሰ ነው፤ የወንድ ሊቅ እብደት ብዙ ጊዜ ለራሱ ይቅርታ ያደርጋል።

ከዚህ ሁሉ በኋላ የሊ ቻንግ-ዶንግ «ግጥም» ሲመጣ አየሩ ይለወጣል። ፊልሙ በ2010 ካን ላይ የምርጥ የፊልም ጽሑፍ ሽልማት ወሰደ። ከዚያ በፊት በነበረው ዓመት ይኸው ጽሑፍ ለኮሪያ ፊልም ምክር ቤት ድጋፍ ሲቀርብ አንድ ዳኛ የፊልም ጽሑፍ ቅርጽ የለውም ብሎ ዜሮ ሰጥቶት ነበር።

ሚጃ 66 ዓመቷ ነው። ከልጇ ልጅ ጋር በሃን ወንዝ ዳር ባለች ትንሽ ከተማ ትኖራለች፤ ባርኔጣ ታደርጋለች፣ አበባ ያለበት ቀሚስ ትወዳለች፣ ሽባ የሆነ ሀብታም ሽማግሌ እያጠበች ገንዘብ ታገኛለች። የግጥም ትምህርት ትጀምራለች፤ አስተማሪው ፖም ይዞ መጥቶ እስከ ዛሬ ፖም በእውነት አይታችሁ አታውቁም ይላቸዋል። በዚያው ሰሞን ሐኪም የመርሳት በሽታ እንደጀመራት ይነግራታል፤ መጀመሪያ ስሞች፣ ቀጥሎ ግሶች ይጠፋሉ። በዚያው ሰሞን ደግሞ አንዲት ተማሪ ወንዝ ገብታ ሞታለች፤ ለሞት ያበቃት የደረሰባት የቡድን ጥቃት ነው፣ ከአጥቂዎቹ አንዱም የሚጃ የልጅ ልጅ ነው። የስድስቱ ልጆች ወላጆች ነገሩ ሳይሰማ እንዲቀር ለሟቿ እናት 30 ሚሊዮን ዎን ለመስጠት ይስማማሉ፤ የሚጃ ድርሻ 5 ሚሊዮን ነው። አባቶቹ ምሳ ቤት ተቀምጠው ሲደራደሩ ሚጃ ተነሥታ ውጭ ትወጣና አበባ እያየች ማስታወሻ ትጽፋለች። ለአባቶቹ እብደት ይመስላል።

ፊልሙ ውስጥ በቅርብ መታየት ያለበት አንድ ቦታ አለ። ወላጆቹ ሚጃ ሴት ናትና የሟቿን እናት ታግባባልን ብለው ወደ ገጠር ይልኳታል። እናትየው እርሻ ላይ ናት። ሚጃ በእግሯ እየሄደች መንገድ ላይ የረገፉ አፕሪኮቶች ታያለች። አንዱን አንሥታ ትገምጣለች፤ ፍሬው ራሱን መሬት ላይ ጥሎ፣ ተረግጦና ተፈጭቶ ለሚቀጥለው ሕይወት እንደሚዘጋጅ በማስታወሻ ደብተሯ ላይ ታሰፍራለች። እናትየው ዘንድ ስትደርስ ፊቷ በርቷል። ስለ አፕሪኮቱ ታወራታለች፣ ስለ አየሩ፣ ስለ መንደሩ ማማር፤ ሁለቱ ሴቶች እንደማንኛውም ጎረቤት ይጨዋወታሉ። ተሰናብታ ጥቂት እርምጃ ከሄደች በኋላ ሚጃ ድንገት ትቆማለች፦ የመጣችበትን ጉዳይ ረስታዋለች። ካሜራው የበሽታው ይሁን የግጥሙ መርሳት አይነግረንም። ተመልካቹ ግን ያን የገመጠችውን ፍሬ ያያል፣ የወደቀውንም ያስታውሳል። ግጥሟ የሚወለደው ከዚያ ከወደቀ ነገር ነው፤ የወደቀችው ደግሞ ልጅቷ ናት።

ሚጃ ገንዘቡን ታገኛለች። የልጅ ልጇን ገላውን እንዲታጠብ ታደርጋለች፣ የእግሩን ጥፍር ትቆርጥለታለች፤ ማታ መንገድ ዳር ባድሜንተን ሲጫወቱ ፖሊሶች ይመጣሉ፤ አንዱ ልጁን ይወስደዋል፣ በግጥም ንባብ ምሽት የተዋወቀችው መርማሪ ፖሊስ ደግሞ ከሚጃ ጋር ጨዋታውን ይቀጥላል። ማን እንደተናገረ ፊልሙ በግልጽ አይናገርም፤ መናገርም አያስፈልገውም። የትምህርቱ የመጨረሻ ቀን ሚጃ የለችም። አበባና አንድ ወረቀት ትታለች። ግጥም ጽፎ የመጣ ተማሪ እሷ ብቻ ናት፤ ግጥሙን አስተማሪው ማንበብ ይጀምራል፣ ከዚያ የሚጃ ድምፅ ይተካዋል፣ በመጨረሻም የሟቿ ልጅ ድምፅ ይሆናል። የግጥሙ ርዕስ የልጅቷን የክርስትና ስም፣ አግነስን፣ የያዘ ነው።

የባለቤትነት ጥያቄ እዚህ ላይ በእርጋታ ይፈታል ብሎ መደምደም ግን ቸኮል ማለት ነው። ሚጃ የሞተችን ልጅ ድምፅ ወስዳ ትናገራለች፤ «ኡንግዮ» ውስጥ ሽማግሌው ያደረገው ከዚህ በምን ይለያል? ልዩነቱ በክፍያው ላይ ነው። ሚጃ ልጅቷን ከመናገሯ በፊት ወደ ቤተ ክርስቲያኗ ሄዳ የፀሎት ሥነ ሥርዓቷን አይታለች፣ ፎቶዋን ደብቃ ወስዳ ምግብ ጠረጴዛ ላይ የልጅ ልጇ ፊት አስቀምጣለች፣ ልጅቷ የወደቀችበት ድልድይ ላይ ቆማለች፣ የልጅ ልጇን አሳልፋ ሰጥታለች። ከሁሉ በላይ ግጥሙን የምትፈርምበት ስምና ሰውነት ራሱ እየጠፋባት ነው። ስሞችን የሚያስረሳ በሽታ የያዛት ሴት ለሌላ ሰው ስም ግጥም ትተዋለች። ይህም ሆኖ ያቺ እናት እርሻዋ ላይ ስትሠራ ይህ ግጥም መኖሩን አታውቅም፤ ሊ ይህን ክፍተት አልሞላውም፣ ጥሩም አደረገ። ከበስተጀርባው ሌላ ድርብርብ አለ፦ ግጥሙን በእውነት የጻፈው ዳይሬክተሩ ነው፣ ሲኒማን ከመጀመሩ በፊት ልቦለድ ጸሐፊ የነበረው ሊ ቻንግ-ዶንግ። አስተማሪውን የተጫወተው ደግሞ እውነተኛው ገጣሚ ኪም ዮንግ-ቴክ ነው።

ሚጃን የተጫወተችው ዩን ጆንግ-ሂ በ1960ዎቹ መጨረሻ ከአገሪቱ ሦስት ታላላቅ ወጣት ኮከቦች አንዷ ነበረች፤ ወደ ፓሪስ ሄዳ የፒያኖ ተጫዋች ሚስት ሆና ኖራለች። ለዚህ ፊልም የተመለሰችው ከአሥራ አምስት ዓመት በላይ ከካሜራ ርቃ ነው። የትውልድ ስሟ ሚ-ጃ ነው። የሎስ አንጀለስ የፊልም ሐያስያን ማኅበርም የዓመቱ ምርጥ ተዋናይት አላት። በ2019 ቤተሰቧ የመርሳት በሽታ እንደያዛት ይፋ አደረገ፤ በጥር 2023 ፓሪስ ውስጥ በ78 ዓመቷ አረፈች። ከዚያ በኋላ ፊልሙን እንደ ትንቢት፣ ትወናዋንም እንደ ሕመም ምልክት የሚያነቡ ጽሑፎች በዙ። የንባቡ ማራኪነት አይካድም፤ ፍትሐዊ ግን አይደለም። ሚጃ ቃል ጠፍቶባት ስትቆም የዩን ጆንግ-ሂ እጅ የሚያደርገው ትንሽ እንቅስቃሴ፣ ፈገግታዋ ከቃሉ ዘግይቶ የሚጠፋበት ቅጽበት፣ በመቶዎች በሚቆጠሩ ፊልሞች የበሰለ ሙያ ነው። ጥበቧን ለበሽታዋ መስጠት የሠራችውን ሥራ ከእጇ መንጠቅ ይሆናል፤ ጂ-ዉ እንኳ ቢያንስ የወሰደውን ለራሱ ነው ያደረገው።

ሆንግ ሳንግ-ሱ በዚህ ሁሉ ላይ የሚያላግጥ ይመስላል። የሱ ፊልሞች በትንሽ ገንዘብ፣ በጥቂት ሰዎች ይሠራሉ፤ በቅርብ ዓመታት ራሱ ይጽፋል፣ ራሱ ካሜራ ይይዛል፣ ራሱ ያቀናብራል፣ ሙዚቃውንም ራሱ ይሠራል። የሥራው ባለቤት ማን ነው ተብሎ የማይጠየቅበት የኮሪያ ዳይሬክተር ቢኖር እሱ ነው፤ ነፃነቱን የገዛው በትንሽነት ነው። በ2022 በርሊን የብር ድብ የተሸለመው «የልቦለድ ደራሲዋ ፊልም» ውስጥ መጻፍ ያቆመች አንጋፋ ደራሲ አንድ ዳይሬክተር ታገኛለች፤ ቀድሞ ልቦለዷን ወደ ፊልም ሊለውጥ አስቦ የተወ ሰው። በእግር ሲንሸራሸሩ ትወና ካቆመች ወጣት ተዋናይት ጋር ይገናኛሉ። ዳይሬክተሩ እንደ ቀልድም እንደ ምክርም አድርጎ እንዲህ ያለ ተሰጥኦ መባከኑ ያሳዝናል ይላታል። ደራሲዋ ትቆጣለች። ልጅ ናት እንዴ፣ ሕይወቷን የምትኖረው እሷ፣ ምን ባከነ የሚል ስሜት ያለው ክርክር ትገጥመዋለች፤ ዳይሬክተሩ አፍሮ ይቅለሰለሳል፣ ሚስቱም ጣልቃ ትገባለች። ተሰጥኦ የሕዝብ ንብረት ነው የሚለውን ልማድ እንዲህ በአጭሩ ያራገፈ ትዕይንት ማግኘት ቀላል አይደለም።

ደራሲዋን የተጫወተችው ሊ ሄ-ዮንግ ናት። አባቷ ዳይሬክተር ሊ ማን-ሂ በ1975 በ43 ዓመቱ ሲሞት ልጅ ነበረች። የአባቷ እጅግ የተወደሰ ፊልም፣ በ1966 የወጣው «የመከር ማብቂያ»፣ ዛሬ የለም፤ አንድም ቅጂ አልተገኘም። ታሪኩ ግን አልሞተም። ኪም ኪ-ዮንግ በ1975፣ ኪም ሱ-ዮንግ በ1982፣ ኪም ቴ-ዮንግ በ2010 መልሰው ሠርተውታል፤ ጃፓኖችም በ1972 የራሳቸውን አድርገዋል። ዋናው ጠፍቶ ተከታዮቹ ሲኖሩ፣ «የመከር ማብቂያ» የማን ነው ለሚለው ጥያቄ ሕግ ሊመልስ ቢችልም ተመልካች መመለስ አይችልም። በሆንግ «ፊትህ ፊት ለፊት» (2021) ሊ ሄ-ዮንግ የምትጫወታት ሴት ከአሜሪካ የተመለሰች የቀድሞ ተዋናይ ናት፤ የቀራት ዕድሜ የወራት ነው። አንድ ዳይሬክተር ከእሷ ጋር ሲጠጣ አምሽቶ፣ በማግስቱ አብረው ወጥተው አጭር ፊልም ሊሠራላት ቃል ይገባል። ጠዋት ስልኳ ላይ የይቅርታ መልእክት ትሰማለች። ከዚያ ትስቃለች፤ መልእክቱን ደግማ ትከፍታለች፣ ደግማ ትስቃለች። የማይሠራ ፊልም ባለቤት እሷ ናት።

ከአሮጌ ገጣሚዎች ወደ ገበያው ሲወጣ ነገሩ ፈገግ ያሰኛል፣ ከዚያም ይመራል። በ2014 የወጣው «ሚስ ግራኒ» ከ8 ሚሊዮን በላይ ተመልካች ያየው ኮሜዲ ነው። ምላሰኛዋ ባልቴት (ና ሙን-ሂ) የቀብር ፎቶዋን ለመነሣት አንድ ፎቶ ቤት ገብታ የሃያ ዓመት ልጅ ሆና ትወጣለች፤ ሺም ኡን-ክዮንግ ደግሞ በወጣት ገላ የአሮጊት ንግግርና አካሄድ ይዛ ተመልካቹን ታስቀዋለች። የልጅ ልጇ ባንድ ውስጥ ገብታ የ1970ዎቹን ዜማዎች ስትዘፍን ወጣቱ ያጨበጭባል። ያንኑ ዘፈን ባለ ሽበቷ ብትዘፍነው ማን ይሰማት ነበር? ፊልሙ ይህን ጥያቄ በቀልድ ጠቅልሎ ያልፈዋል፤ በመጨረሻ ለቆሰለው የልጅ ልጇ ደም ሰጥታ ወጣትነቷን ታጣለች። አሮጊት አሁንም ሰጪ ናት።

ሲ.ጄ. ኩባንያ ያን ታሪክ በቻይና፣ በቬትናም፣ በጃፓን፣ በታይላንድ፣ በኢንዶኔዥያና በሌሎችም አገሮች ደግሞ አሠራው። የመጀመሪያው ዳይሬክተር ህዋንግ ዶንግ-ህዮክ ነበር፤ ከሰባት ዓመት በኋላ «ስኩዊድ ጌም»ን ጽፎና አዘጋጅቶ ዓለምን ያስደነቀው ያው ሰው። የብሉምበርግ ዘገባ የዚያን ተከታታይ ዋጋ ለኔትፍሊክስ ወደ 900 ሚሊዮን ዶላር ገምቶታል፤ ህዋንግ ግን የፈጠራውን መብት በውል አስተላልፎ ስለነበር ከዚያ ትርፍ እንደ ባለቤት የሚደርሰው አልነበረም።

ይህ የአንድ ሰው መጥፎ ውል አይደለም፤ የኮሪያ የቅጂ መብት ሕግ አንቀጽ 100 የሚፈጥረው ሁኔታ ነው። በፊልም ሥራ ለመተባበር የተስማማ ፈጣሪ፣ ሌላ ስምምነት ከሌለ በስተቀር፣ ፊልሙን ለመጠቀም የሚያስፈልጉ መብቶቹን ለአምራቹ እንዳስተላለፈ ይገመታል። ወጣት ሳለ ጉዳዩ ብዙም አይሰማም፤ ሁልጊዜ ቀጣይ ፊልም አለ። ዕድሜ ሲገፋ፣ ባለሀብቶች ስልክ ማንሣት ሲያቆሙ፣ ትናንት የተሠራው ፊልም በየቴሌቪዥኑና በየመተግበሪያው ሲታይ ሠሪው በሕግ የተደነገገ ድርሻ የለውም። የኮሪያ ዳይሬክተሮች ማኅበር በ2022 ይህ እንዲስተካከል ዘመቻ ሲጀምር ለብሔራዊ ምክር ቤቱ የማሻሻያ ረቂቆች ቀረቡ፤ አምራቾችና የስርጭት ኩባንያዎች ተቃወሙ፣ ውሉ እያለ ሁለተኛ ክፍያ ለምን የሚል ነው መከራከሪያቸው። መከራከሪያው ባዶ አይደለም፤ በኪሳራ የሚዘጋ ፊልም ሲኖር ዕዳውን የሚሸከመው አምራቹ ነው። ዳይሬክተሮቹ ግን ከውጭ የመጣ ማስረጃ አቀረቡ። ስፔንና አርጀንቲና በሕጋቸው ለፊልም ፈጣሪዎች ክፍያ ስለሚሰበስቡ፣ በአገሮቻቸው የታዩ የኮሪያ ፊልሞችን ድርሻ ሰብስበው ለሴኡሉ ማኅበር ላኩ፣ ማኅበሩም ለአባላቱ አከፋፈለ። ለፊልሞቻቸው ፈጣሪ ተብለው ከቦይነስ አይረስና ከማድሪድ የተከፈላቸው ዳይሬክተሮች፣ ያው ፊልም በገዛ አገራቸው በተደጋገመ ቁጥር በሕግ የሚጠይቁት ክፍያ አልነበራቸውም።